ማዞሪያ በሚል የብዕር ስም

መስከረም 19

ለምወድህ ለእህቴ ልጅ ለድምቡሼ፣

የምትረግጠውን ያጽናልህ፣ የተንጠለጠልክበትን አይበጥስብህ። ይህን ምርቃት ለአሳንሰር ጠጋኝ ብዬ ራሴ ያወጣሁት ስለሆነ ሌላ ቦታ አታገኘውም። ጤናህ እንደምን ነው? እኛ እንደምታውቀን ነን።

ስልክ እያለ ደብዳቤ ምን አመጣው ትል ይሆናል። ስልኩ ያለው እናትህ ጎን ነው። አንተ ስትደውል እሷ ትሰማለች፣ እሷ ስታወራ እኔ እሰማለሁ፣ ስለዚህ ሁላችንም ደህና ነን ተባብለን እንዘጋለን። እኔ ዕድሜዬን ሙሉ የሆስፒታል ስልክ ማዞሪያ ላይ ተቀምጬ ያወቅሁት ነገር ቢኖር ሰው ዘመዱ አጠገቡ ቆሞ እየሰማው እውነት እንደማይናገር ነው።

እናትህ ስትሮክ ከመታት ወዲህ ግራ ጎኗ ያው እንደተወው ነው። አንደበቷ ግን እየተመለሰ ነው። ቃል ትጎትታለች እንጂ የድሮዋ የትምህርት ቤት ዲሬክተር ናት። በቀደም የቧንቧ ሠራተኛው መጥቶ «አይመጣም ውሃ ዛሬ» ቢላት፣ «ዛሬ ውሃ አይመጣም በል፤ ግሥ መጨረሻ ነው የሚቀመጠው» ብላ አረመችው። ሰውዬው ቧንቧውን ትቶ ሄደ። ጎኗ እንዳይቆስል አገላብጣታለሁ። ከእኔ ትከብዳለች። ድሮም ትከብደኝ ነበር።

አንድ ነገር ላስቸግርህ። ጆሮ ላይ የሚሰካ ማዳመጫ ላክልኝ፣ ባለ ገመዱን። በኢንተርኔት የሚሰጥ አንድ ትምህርት ጀምሬ ሰኞ ሰኞ ከሰዓት በኋላ ስልኩ ላይ እጣዳለሁ፤ ድምፁ እንዳይረብሻት ብዬ ነው። ምን ትምህርት ነው አትበለኝ። ለእኔም ገና አልገባኝም።

ያኑርህ።

አክስትህ


ጥቅምት 23

ለውድ አክስቴ፣

ጉልበትሽን ስሜ ልጀምር። ወገብሽ እንዴት ነው? እማዬን ብቻሽን ስታነሺ እንዳትጎጂ ሁልጊዜ እሰጋለሁ። እኔ ደህና ነኝ፣ ብርዱ ብቻ ነው።

ማዳመጫውን እዚያ ለሚመጣ ሰው ሰጥቻለሁ፣ ይደርስሻል። ምን ትምህርት ነው አትበለኝ ስላልሽ አልልም፤ ሹራብ ሥራ ከሆነ ግን ለእኔ ሰማያዊ ይሁንልኝ።

አሁን የምሠራው አንድ ያረጀ የመኖሪያ ሕንፃ ላይ ነው። አሳንሰሩ በሁለት ፎቅ መካከል መቆም ልማዱ ነው። ባለፈው ሳምንት አንዲት ሴትዮ ውስጥ ቀርታ እኔ በሩን እስክፈለቅቅ ድረስ በክፍተቱ ስለ ትዳሯ ስታጫውተኝ ቆየች። ባሏን እንደማትወደው፣ ወዳው እንደማታውቅም ነገረችኝ። በሩ ተከፍቶ ስትወጣ ግን ሰላም እንኳ ሳትለኝ ሄደች። አሁን ደረጃ ላይ ስታገኘኝ ፊቷን ታዞራለች።

እማዬ መድኃኒቷን በሰዓቱ ትውሰድ። ጨው ቀንሱ። የእጅና የእግር እንቅስቃሴውን ጠዋትና ማታ እንድታሠሪያት ሐኪሙ ማለቱን አትርሺ። በዚህ ዓመት ለመምጣት አስቤ ነበር፣ ፈቃዱ አልተሳካም። የሚመጣው ዓመት ግን አይቀርም።

ውለታሽን በምን እንደምከፍል አላውቅም። እሷን ለአንቺ ትቼ እንቅልፍ የሚወስደኝ አንቺ ስለሆንሽ ነው።

ልጅሽ


ኅዳር 30

ለድምቡሼ፣

እንደምን ከርመሃል? ማዳመጫው ደርሶኛል፣ እጅህን ቁርጥማት አይንካው። ጨውም ቀንሰናል፤ እናትህ ሾርባውን ቀምሳ «የታጠበ ሳህን ውሃ» የሚል ስም አውጥታለታለች።

ትምህርቱ ሹራብ አይደለም። ድርሰት ነው። አንድ መምህር አለ፣ ፊቱን የማያሳይ፣ ድምፁ ብቻ ጉንፋን እንደያዘው ሰው የሚመጣ። እኛም ስማችንን አንናገርም፣ ሁሉም በብዕር ስሙ ነው። ሎሚ የምትባል አለች፣ ባለታክሲው የሚባል አለ፣ ፋርማሲው የሚባል አለ። እኔ ማዞሪያ ነኝ። መጀመሪያ ስለ ወፍና ስለ ዝናብ የምንጽፍ መስሎኝ ነበር። መምህሩ ግን በሁለተኛው ሰኞ፣ «በቤታችሁ የማይነገረውን ጻፉ። ጎረቤት ቢሰማ መጋረጃ የሚያስዘጋችሁን። ካልፈራችሁ አልጻፋችሁም» አለን።

ከዚያ ሎሚ ሁለተኛ ልጇን መውደድ አቅቷት እየሳመች ስለምታሳድግ እናት ጽፋ አነበበች። ቅር አለኝ፣ ነውር ነው አልኩ በሆዴ። ግን ከሳምንት እስከ ሳምንት ያቺ እናት ከራሴ አልወጣ አለች። ፋርማሲው አባቱ ማስታወስ ሲያቅተው ደስ ስላለው ልጅ ጻፈ። አባትየው ይደበድበው ነበርና አሁን ረስቶታል፤ ልጁ ማን እንደሆነ ሲጠየቅ «ታማኝ ጓደኛህ ነኝ» ይለዋል። እንዲህ እንዲህ ያለ ነው። አሁን የሁላችንንም ሰብስበው መጽሐፍ ሊያደርጉት ነው፤ ርዕሱ «በቤታችን አይነገርም» ይባላል። የእኔም አንድ ታሪክ ተመርጧል። ላንተ ግን አልክልህም። ለእህት ልጅ የሚላክ አይደለም።

እናትህ ደህና ናት። እኔ አንዳንድ ቀን ጠዋት ተነስቼ፣ ዛሬ ማንንም ሳላነሳ ብውል እላለሁ። ከዚያ አነሳታለሁ።

ሥራህን ይባርክልህ።

አክስትህ


ጥር 26

ለክብርት አክስቴ፣

እንደምን ሰነበቱ? መልስ ለመጻፍ ስለዘገየሁ ይቅርታ እጠይቃለሁ።

ከየካቲት መጀመሪያ ጀምሮ አንዲት ነርስ በየቀኑ እየመጣች ከጠዋት እስከ ማታ ከእናቴ ጋር ትሆናለች። ክፍያዋን እኔ ጨርሻለሁ። እርስዎ እንዲያርፉ ታስቦ ነው። እናቴን ማገላበጥ፣ ማጠብ፣ መመገብና መድኃኒት መስጠት ከእንግዲህ የእሷ ሥራ ይሆናል፤ እርስዎ እንዳይነኩ አደራ እላለሁ።

በኢንተርኔት ላይ የሚወጣ ነገር የትም አገር እንደሚነበብ ያውቃሉ ብዬ እገምታለሁ።

የእህትዎ ልጅ


የካቲት 12

ለእህቴ ልጅ፣

እንደምን አለህ? ነርሷ መጥታለች። ጨዋ ልጅ ናት፣ እጇ ለስላሳ ነው።

በመጀመሪያው ቀን የመድኃኒቱን ብልቃጥ ሁሉ አውጥታ ክኒኑን ቆጠረችው። በሁለተኛው ቀን አልጋው ላይ ካሉት ትራሶች አንዱን ብቻ አስቀርታ ሌሎቹን ቁም ሳጥን ላይ ሰቀለቻቸው። እናትህ ቀና ብላ መቀመጥ አቃታት። ምን ነካሽ ብላት «ትእዛዝ ነው» አለችኝና ፊቷ ቀላ። በሦስተኛው ቀን ወተት ልገዛ ወጥቼ ስመለስ፣ በመስኮቱ በኩል እናትህን «እህትዎን ይፈራሉ?» ብላ ስትጠይቃት ሰማሁ።

እናትህ የመለሰችውን ላንተ አልነግርህም። ነርሷ ግን ስቃ ነበር።

ነገር በዓይን ይገባል ይሉ ነበር፤ የኔ የገባኝ «እርስዎ» ስትለኝ ነው። ከሕፃንነትህ ጀምሮ አንቺ ስትለኝ የኖርክ ልጅ፣ ጡጦህን እየጠባህ በጀርባዬ ያሳደግሁህ። አንተ ሰው ስታከብር አውቅሃለሁ፤ ይህ አክብሮት አይደለም።

ያነበብከውን አንብቤዋለሁ በል። የምትጠረጥረውን ጠረጠርኩ በል። ነርስ አትላክብኝ።

አክስትህ


የካቲት 30

አክስቴ፣

እሺ። ልበለው።

አንድ እዚህ የማውቀው ሰው «ጉድ የሆነ ታሪክ፣ ሳታነብ እንዳታድር» ብሎ ለብዙዎቻችን ላከው። የመጽሐፋችሁ ቅምሻ ተብሎ ከገጻችሁ ላይ የተወሰደ ነው። ጣሪያ ላይ ባለው የሞተር ክፍል ውስጥ ቁጭ ብዬ ምሳዬን እየበላሁ ጀመርኩት። ሁለት እህትማማቾች። ታላቅየዋ ጡረታ የወጣች መምህርት፣ መስኮት ሥር ባለ አልጋ ላይ። ታናሽየዋ ታጥባለች፣ ታጎርሳለች፣ ታገላብጣለች። ልጅየው ሰዓት ጠጋኝ ነው፣ ሩቅ ነው፣ ሲደውል ጨው ቀንሱ ይላል። ሰዓት ጠጋኝ ስላልሽው የማላውቀው መሰለሽ?

ከዚያ ሴትዮዋ ትራሱን ታነሳለች። አንድ ገጽ ሙሉ ነው። ሲያልቅ ትራሱን መልሳ ከእህቷ ራስ ሥር ታደርግና ፀጉሯን ታበጥርላታለች። ስልኩ ይጮኻል። ልጅየው ነው። «ደህና ናት፣ ተኝታለች» ትለዋለች።

ዳቦዬን ጣልኩት። እኔ ደውዬ «ተኝታለች» ያልሽኝን ቀን ሁሉ አንድ በአንድ ማስታወስ ጀመርኩ። ያን ቀን የሠራሁትን ፍሬን ሌላ ሰው እንዲያየው ለመንኩ፤ እጄን አላመንኩትም።

ገበናችንን አደባባይ አወጣሽው። እሱም ይሁን። ግን አክስቴ፣ ከልብ ሳያስቡት ይህን የሚያህል ነገር ይጻፋል? ልታደርጊው ተነስተሽ ታውቂያለሽ? ትራሱን ይዘሽ ታውቂያለሽ? ይህን ብቻ መልሺልኝ።

ታሪኩ ከመጽሐፉ ይውጣ። ከገጹም ይነሳ። ካልሆነ እማዬን አንድ መጦሪያ ቤት አስገባታለሁ፤ አነጋግሬያቸዋለሁ፣ አልጋ አላቸው። ሁለታችሁን መለየት አልፈልግም። ግን አደርገዋለሁ።


መጋቢት 14

ለእህቴ ልጅ፣

ታሪኩን ከመጽሐፉ አስወጥቻለሁ። ከገጹም ተነስቷል። ስልኬ ላይ የነበረውንም አጥፍቻለሁ፣ ወረቀቱንም አቃጥያለሁ። እናትህ ከቤቷ አትወጣም።

ለጠየቅኸኝ መልስ የለኝም።

አክስትህ


ሚያዝያ 11

ለውድ አክስቴ፣

እንደምን ሰነበትሽ? ጤናሽን፣ ሰላምሽን እመኛለሁ። ያለፈው ደብዳቤዬ ከረር ያለ ነበር፣ አውቃለሁ። ተናድጄ ነበር። ያልኩሽን ስላደረግሽ አመሰግንሻለሁ። እንግዲህ ያለፈው አልፏል።

እዚህ ብርዱ ቀለል ብሏል። ያንን ያረጀ አሳንሰር ነቅለን አዲስ ልንገጥም ነው። ነርሷ በየሳምንቱ ትጽፍልኛለች፤ ምግብ ላይ ቀንሳለች፣ ትንሽ ታስላለች ብላኛለች። ሐኪም ይያት፣ ለዚያ የሚሆን ልኬያለሁ።

አንድ ያልገባኝ ነገር አለ። እማዬ አታናግረኝም። ነርሷ ስልኩን ጆሮዋ ላይ ታደርግላታለች፣ ስትተነፍስ እሰማታለሁ፣ ስለ ሥራዬ፣ ስለ አየሩ አወራታለሁ፣ ቃል አይወጣትም። አንደበቷ ዳግመኛ ተያዘ ወይ ብዬ ነርሷን ብጠይቃት «ከእኔ ጋር ታወራለች» አለችኝ። ምን ነግረሻት ነው? ስለ ታሪኩ ነግረሻት ከሆነ በጣም አዝናለሁ። ያንን እንዳትሰማ ነበር ያን ሁሉ የሆንኩት።

እባክሽ ጻፊልኝ።

ልጅሽ


ግንቦት 27

ለድምቡሼ፣

ያጽናህ። አንድ ልጅ ነህና ለሁለትና ለሦስት ሰው የሚሆነውን መጽናናት ላንተ ብቻ ይስጥህ። ቀብሩን በነርሷ ስልክ እንዳየኸው አውቃለሁ። ምስሉ እየተቆራረጠ እንደነበርም ነግራኛለች። ስለዚህ ያላየኸውን ልንገርህ።

ሳሉ ወደ ሳንባዋ ወርዶ ነበር። ሐኪሙ መጥቶ አየ፣ መርፌ አዘዘ፣ ከዚያ ወጥቶ በረንዳ ላይ ለእኔ «ተዘጋጁ» አለኝ። ከዚያ በኋላ ጥቂት ቀን ቆየች። የሞተች ዕለት እኩለ ቀን ገደማ እኔ ጓዳ ተኝቼ ነበር። ነርሷ ከመጣች ወዲህ ሥራ ስላጣሁ ቀን ቀን መተኛት ለምጄ ነበር። ድሮ እሷ ጉሮሮዋን ስትጠርግ የምነቃ ሰው ምንም አልሰማሁም። ስነቃ ነርሷ በሩ ላይ ቆማለች፣ ፎጣ ይዛ። እስከ መጨረሻው እጇን እንደያዘቻት ነገረችኝ። አምናታለሁ፣ ደግ ልጅ ናት። ግን እናትህ ስሟን እንኳ አስተካክላ አትጠራትም ነበር። እኔ ደግሞ ስድስት እርምጃ ርቄ አንኮራፋ ነበር።

አሁን እሷ የለችምና ቃሌ ተፈትቷል። ላንተ እንዳልነግር አስምላኝ ነበር።

ማዳመጫውን የላክኸው ጊዜ አንደኛዋን ጆሮ ለእሷ ሰጠኋት። ሰኞ ሰኞ አልጋው ላይ ጎኗ ተጋድሜ በአንድ ገመድ ሁለታችን እንሰማ ነበር። መምህሩ ሲሳሳት ክንዴን ትቆነጥጠኛለች፣ በደህናው እጇ። የሎሚን ታሪክ ሰምታ «ይህቺ ልጅ ነጠላ ሰረዝ አታውቅም፣ እውነት ግን ታውቃለች» አለች። ማዞሪያ የሚለው ስም የኔ ብቻ አልነበረም። የምጽፈው እኔ ነበርኩ፣ እሷ ታርማለች። ድሮ የተማሪ ወረቀት ስታርም እንደነበረው ነው፤ ለማንም አትራራም።

የትራሱን ታሪክ መጀመሪያ ስጽፈው መጨረሻው ሌላ ነበር። ሴትዮዋ ትራሱን ታነሳና ትቆማለች፣ ከዚያ ትመልሰውና ሻይ ልታፈላ ትሄዳለች። ለእናትህ ላነበው ፈርቼ ብዙ ቀን ደበቅሁት። በመጨረሻ አነበብኩላት። «ውሸት ነው» አለች። «ሻይ ልታፈላ አልሄደችም።»

«ታዲያ ምን አደረገች?» አልኳት።

«ጨረሰችው።»

«እትዬ፣ አልጋው ላይ ያለሽው እኮ አንቺ ነሽ።»

«ጠፍቶኝ ነው?» አለች። «በወረቀት እንኳ አሳርፊኝ።»

ስለዚህ ጻፍኩት። እሷ ቃል እየጎተተች፣ እኔ እየጻፍኩ። ያቺ አንድ ገጽ ስንት ሰኞ እንደወሰደች አትጠይቀኝ። የስልኩ ነገር የእሷ ነው። «ልጁ ይደውል» አለች፣ «ሁልጊዜ ልክ በዚያ ሰዓት ነው የሚደውለው።» ጨርሰን ሳነብላት ሳቀች። ከታመመች ወዲህ እንደዚያ ስትስቅ አይቻት አላውቅም፤ ምራቋ እስኪዝረበረብ። ያን ዕለት ደህና በላች።

ላንተ ለምን አይነገርም ብላት፣ «ልጄ እናቱ መኖር እንደምትፈልግ ይወቅ» አለች። ከዚህ ሌላ ምክንያት አልሰጠችኝም።

ነርሷ እህትሽን ትፈሪያለሽ ስትላት የመለሰችው ይህ ነበር፦ «የምፈራው የሷን የእጅ ጽሑፍ ነው።»

የመጦሪያ ቤቱን ነገር የጻፍክበትን ደብዳቤ አነበብኩላት። መደበቅ አልቻልኩም፣ ፊቴ ላይ አይታው ነበር። «እኔ ከዚህ ከወጣሁ ትሞቻለሽ፣ አጥፊው» አለችኝ። ሳጠፋው አሳዪኝ አለች፣ አሳየኋት። ከዚያ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። ሰውነቷ ስለማይታዘዝላት አንገቷን ብቻ። አንተን ያላናገረችህ ከዚያ ወዲህ ነው። ተቀይማህ ብቻ አልነበረም፤ የምትልህን አጥታ ነው። ደህና ነኝ ማለት ታክቷት ነበር፣ ሌላውን ደግሞ አጥፍተንባታል።

የጠየቅኸኝን ልመልስልህ። አላደረግሁም፣ ትራሱንም አላነሳሁም። አስቤ ግን አውቃለሁ። እሷም ታስብ ነበር፣ ብዙ ጊዜ። አንዳችን የሌላችንን ሐሳብ ስላወቅን ነው ሳንጠላላ አንድ ክፍል ውስጥ የቆየነው። ይህን ማንም አልሠራልንም፣ ሰኞ ሰኞ እኛው ነን የሠራነው።

ከዚህ በኋላ ምንም አትላክልኝ። ጡረታዬ ለአንድ ሰው ይበቃል።

አክስትህ


ሰኔ 29

ለአክስቴ፣

በምን አንደበት እንደምን አለሽ ልበልሽ? ደብዳቤሽን ይዤ ስንት ቀን ሥራ ሄጃለሁ፣ ተመልሻለሁ። ሰላምታውን አልፌ እስከዚህች መስመር ለመድረስ ብዙ ወረቀት ጨርሻለሁ።

ያልነገርኩሽን ልንገርሽ። ያን ጊዜ ለአንቺ ብቻ አልነበረም የጻፍኩት። ለመምህሩም ጽፌለት ነበር፤ ጠበቃ አቆማለሁ፣ እከስሃለሁ ብዬ። ምስኪኑ ፈርቶ ከራሱ ኮምፒውተር ጭምር እንዳጠፋው አሁን ነግሮኛል። አሁን ልለምነው ነበር የጻፍኩለት፤ እባክህ መልሰህ አስገባው ልለው። መጽሐፉ ከማተሚያ ቤት ወጥቷል አለኝ። «ማዘንህ ይገባኛል፣ ምንም ግን የለኝም» አለኝ። ያ ታሪኩን የላከልኝን ሰው ጠየቅሁት፣ የላከው የገጹን ሊንክ ብቻ ስለነበር ሲከፍተው ባዶ ነው። እኔም አላስቀመጥኩትም። ማን እንዲህ ያለ ነገር ያስቀምጣል ብዬ።

ስለዚህ ከአእምሮዬ ልጽፈው ሞከርኩ። ደጋግሜ ስላነበብኩት በቃሌ የማውቀው መስሎኝ ነበር። ስጀምረው ግን የማስታውሰው የተናደድኩበትን ብቻ ሆነ። መስኮቱን አስታውሳለሁ፣ ማበጠሪያውን አስታውሳለሁ፣ በመካከል ያለው ጠፍቶብኛል። ሰዓት ጠጋኙ ጨው ቀንሱ የሚልበት ጋ ስደርስ ብዕሩን አስቀምጬ ወጥቼ ተመላለስኩ። ትራሱ ጋ ስደርስ ደግሞ በኔ እጅ ይህን መጻፍ እንዴት ይሆናል አልኩ። ከዚያ እሷ ራሷ ያለችው ነው ብዬ ጻፍኩት።

ለመምጣት ፈቃድ ነበረኝ አክስቴ። ባለፈውም ዓመት ነበረኝ። ክፍሉን እፈራው ነበር። ሽታውን፣ የእሷ ሰውነት ሲገላበጥ ማየትን። ያንን ለአንቺ ትቼልሽ በስልክ ስለ ጨው አወራ ነበር። በጻፍኩት ውስጥ ይህንንም ጨምሬበታለሁ፤ በእናንተ ታሪክ ውስጥ አልነበረም። ይፈቀድ አይፈቀድ አላውቅም።

ወረቀቶቹን አብሬ ልኬያለሁ። ምንም አልጠይቅሽም። አንብቢው ብቻ።

ልጅሽ


ነሐሴ 14

ለድምቡሼ፣

ደህና ሰንብተሃል? ዕድሜ ይስጥህ። እኔ አለሁ። አልጋውን ነርሷ ለአንድ ሌላ ታማሚዋ ወስዳዋለች፣ እሷ ራሷ አልፎ አልፎ ትጠይቀኛለች። መስኮቱ ሥር ወለሉ ላይ የአራቱ እግሮች ምልክት ቀርቷል፤ ብፈገፍገው አልለቀቀልኝም። ሰኞ ሰኞ ትምህርቱ ቀጥሏል፣ እኔ ግን እሰማለሁ እንጂ አላነብም።

መጽሐፉ ደርሶኛል። ስስ ነው፣ ሽፋኑ አመድማ። የሎሚ ታሪክ መጀመሪያ ነው፣ የፋርማሲው መጨረሻ። ጥሩ መጽሐፍ ነው። ማዞሪያ የሚል ስም የትም የለም። ባለታክሲው በእጅ ጽሑፉ ከመጨረሻው ገጽ ላይ «አንድ ሰው ይጎድላል» ብሎ ጽፎ ነው የላከልኝ። አንድ አለመሆናችንን አያውቅም።

ያንተን ወረቀት ክፍሉ ውስጥ ቆሜ ጮክ ብዬ አነበብኩት። ክፍሉ ባዶ ስለሆነ ድምፅ ይመልሳል። ስለ ልጅየው ፍርሃት የጨመርከው ይቆይ፣ ያ እኛ የማናውቀው ነገር ነበር። ነጠላ ሰረዝህ ያሳዝናል፣ እሱን አርሜዋለሁ።

ሴትዮዋን ግን ደግ አድርገሃታል። ትራሱን ስታነሳ አስለቅሰሃታል፣ ይቅር በይኝ አስብለሃታል። እንዲህ አላለችም። ደክሟት ነበር፣ በዚያች ሰዓት ከድካም ሌላ ምንም አልነበረባትም። አልጋ ላይ ያለችውም ዓይኗን አልጨፈነችም፤ እስከ መጨረሻው ታያት ነበር፣ አልፈራችም። ለእኔ አዝነህልኝ ያደረግኸው እንደሆነ ገብቶኛል። አትዘንልኝ።

እንደገና ጻፈው።

አክስትህ